ግምኛን ማን ይለዋል? ስለ አንድ የተዘነጋ ተውሳከ ግስ

የአማርኛ ተውሳከ ግሶች በጣት የሚቆጠሩ ናቸው የሚለው አስተያየት፣ የባዬ ይማም «የአማርኛ ሰዋስው» በ1987 ዓ.ም. ከታተመ ወዲህ በየመማሪያው ሲደገም ኖሯል። ምሳሌዎቹም አብረውት ይዞራሉ፦ ቶሎ፣ ገና፣ ምንኛ፣ ክፉኛ፣ ጅልኛ፣ ግምኛ። አንባቢ እስከ ክፉኛ ድረስ ሳይደናቀፍ ይዘልቃል። ጅልኛ ላይ ትንሽ ያመነታል። ግምኛ ላይ ይቆማል። ቃሉን ያውቀዋል፤ ነገር ግን የሚያውቀው ከዚሁ ዝርዝር ነው። በገበያ፣ በለቅሶ ቤት፣ በፍርድ ቤት ክርክር «ግምኛ መታኝ» ያለ ሰው እኔ ሰምቼ አላውቅም።

ይህ ጽሑፍ የሚከራከረው ስለዚሁ ቃል ነው። ግምኛ ከዝርዝሩ ሳይወጣ የቆየው የሚናገረው ሰው ስላለ አይመስለኝም። ዝርዝሩ ባዶ እንዳይሆን ስለተፈለገ ይመስለኛል። ነገሩ ጎልቶ የሚታየው ደግሞ አማርኛ ለብዙ ተማሪዎች አፍ መፍቻ ባልሆነበት አካባቢ፣ ለምሳሌ በባሌ ደጋ፣ በሮቤና በጎባ የመማሪያ ክፍሎች ውስጥ ነው።

በቅርጹ እንጀምር። ግምኛ «ግም» ከሚለው ቅጽልና «‑ኛ» ከሚለው ቅጥያ የተሠራ ነው። ግም የገማ፣ የሸተተ ማለት ነው፤ በስድብም ያገለግላል። ስለዚህ ግምኛ በጥሬው «በሚገማ አኳኋን» ማለት ሲሆን፣ በአገልግሎቱ ግን የክፉኛ ወንድም ነው፦ በኃይል፣ በከባዱ፣ አስከፊ በሆነ መንገድ። ቃሉን ከ«ግምት» ጋር አዛምዶ «በግምት» ብሎ የሚተረጉም ተማሪ ቢኖር አይፈረድበትም፤ ግምት የዕለት ተዕለት ቃል ነው፣ ግምኛ ደግሞ የሚያስጠጋው ዘመድ በአጠገቡ የለውም።

ቅጥያው ራሱ ብዙ ሥራ አለበት። ሁለተኛ፣ ሦስተኛ እያለ ተራ ይሰጣል፤ ፈረሰኛ፣ ነገረኛ፣ ምቀኛ እያለ ሰውን በግብሩ ይሰይማል፤ አማርኛ፣ ኦሮምኛ፣ እንግሊዝኛ እያለ ቋንቋ ይጠራል። «እንግሊዝኛ አወራ» ስንል «ምን አወራ?» ለሚለው ብቻ ሳይሆን «እንዴት አወራ?» ለሚለውም መልስ የሰጠን ያህል ነው። የቋንቋ ስሙና የአኳኋን ቃሉ እዚህ ላይ ድንበራቸው ይሳሳል። (ጅልኛ የጅሎች ቋንቋ ይመስላል የሚል ቀልድ የሚያስቀው ለዚህ ነው፤ ሰዋስዋዊ መሠረት አለው።) ቅጽልን ወደ ተውሳከ ግስ በመለወጡ ሥራ ላይ ግን ‑ኛ እጅግ ቆጣቢ ነው። እንግሊዝኛ «‑ሊ» የሚለውን ቅጥያ ከማንኛውም ቅጽል ጋር ያጣብቃል ማለት ይቻላል። አማርኛ ግን ደግኛ አይልም፤ ብልህኛ፣ ቆንጆኛ፣ ጎበዝኛም አይልም። የሚላቸውን ሦስቱን ጎን ለጎን ብናስቀምጣቸው አንድ ነገር ይገለጣል፦ ክፉ፣ ጅል፣ ግም። ሦስቱም ለስድብ የሚያገለግሉ ቅጽሎች ናቸው። መልካሙን አኳኋን ለመናገር «በደግነት»፣ «በብልሃት»፣ «በጥሩ ሁኔታ» እያልን በመስተዋድድ እንሄዳለን፤ ለነቀፌታ ብቻ አንድ አጭር መንገድ ተከፍቶልናል። ባዬም ቢሆኑ አማርኛ የአኳኋንን ነገር በአብዛኛው በመስተዋድዳዊ ሐረግ እንደሚገልጽ ጽፈዋል። የእኔ ጭማሪ፣ የቀሩት ጥቂቶች የዘፈቀደ ቅሪት ሳይሆኑ አንድ ዓይነት ስሜት የሚያስተሳስራቸው መሆናቸውን ማስታወስ ብቻ ነው።

ከሦስቱ ያደገው ክፉኛ ነው። አሁን ክፉኛ ለመባል ክፋት አያስፈልግም። ሰው ክፉኛ ይታመማል፣ ክፉኛ ይደነግጣል፣ ክፉኛ ይናፍቃል። በናፍቆት ውስጥ ክፉ ነገር የለም፤ የቀረው የስሜቱ ኃይል ነው። ቃሉ ከጉዳት ተነሥቶ ወደ መጠን ተሻግሯል። ባሌን ለሚያውቅ ሰው የዚህ ቃል ተፈጥሯዊ ቤት የሰብል ወሬ ነው። ሲናናና አጋርፋን የመሰሉ ወረዳዎች የስንዴ አገር ናቸው፤ የሲናና ግብርና ምርምር ማዕከልም ከሮቤ ሩቅ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2010 ቢጫ ዋግ በባሌና በአርሲ ደጋ ሲወርድ፣ በሰፊው ይዘሩ የነበሩት ኩብሳና ገለማ የተባሉት የስንዴ ዝርያዎች መቋቋም አልቻሉም። እንዲህ ያለውን ነገር አማርኛ የሚናገር ሁሉ «ስንዴው በዋግ ክፉኛ ተመታ» ይላል። «ግምኛ ተመታ» ቢል ግን ሰሚው ስንዴው ሸተተ ወይ ብሎ ይጠይቃል። ልዩነቱ እዚህ ላይ ነው፤ ክፉኛ ሥሩን ረስቷል፣ ግምኛ ሥሩን ሊረሳ አልቻለም። ሽታው አልለቀቀውም።

በዓለም ቋንቋዎች መካከል ይህ ጉዞ እንግዳ አይደለም። በእንግሊዝኛ «ሶር» የሚባል ቃል አለ። ዛሬ የቆሰለን ወይም የሚያምን የሰውነት ክፍል የሚገልጽ ቅጽል ነው። ጥንት ግን ተውሳከ ግስም ነበር፤ በጥንታዊው እንግሊዝኛ «ሳረ» ተብሎ «በሕመም፣ በብርቱ» የሚል ትርጉም ይዞ ይነገር ነበር። በንጉሥ ጄምስ ዘመን በ1611 እ.ኤ.አ. በታተመው መጽሐፍ ቅዱስ፣ በሉቃስ ወንጌል ምዕራፍ 2፣ የጌታ መልአክ በቆመላቸው ጊዜ እረኞቹን የያዛቸው ፍርሃት ምን ያህል እንደነበር የተነገረው በዚህ ቃል ነው። እረኞቹ አልቆሰሉም፤ አብዝተው ፈሩ ማለት ነው። የጀርመንኛው የሥጋ ዘመዱ «ዜር» ደግሞ መንገዱን እስከ መጨረሻው ሄዶ፣ ሕመሙን ሙሉ በሙሉ ጥሎ ዛሬ እንደ እኛው «በጣም» ሆኗል። አንድ ሥር በአንዱ አገር ከቃላት ሁሉ የተለመደው ሆነ፤ በሌላው አገር አሮጌ መጽሐፍ ውስጥ ቀረ።

የእንግሊዝኛው ሶር ለምን ቀረ? ምክንያቱ በአብዛኛው የቅርጽ ነው። ተውሳከ ግሱን ከቅጽሉ ይለየው የነበረው የመጨረሻው አናባቢ ድምፁ ሲጠፋ፣ ሁለቱ አንድ መልክ ያዙ። ቋንቋው ደግሞ ‑ሊ የሚለውን ቅጥያ እያስፋፋ ስለነበር «ሶርሊ» የሚለው አዲስ መልክ ቦታውን ወሰደ። የእኛው ግምኛ ታሪክ የዚህ ግልባጭ ነው። የተውሳከ ግስነት ልብሱ አልጎደለበትም፤ ‑ኛ በግልጽ ተሰፍቶበታል። የጎደለው አብሮት የሚሄድ ግስ ነው። ክፉኛ መታ፣ ታመመ፣ ቆሰለ፣ ደነገጠ፣ ተቸ የሚሉ ጓደኞች አሉት፤ አንዱ ሲነሣ ሌላው ይታወሳል። ግምኛ እንዲህ ዓይነት ጓደኛ አላፈራም። በጨዋ ንግግርና በጽሑፍ ዘንድ ሽታን ማንሣት ነውር ስለሆነም፣ ደራሲው ብዕሩን ወደ ክፉኛ፣ ተራኪው አፉን ወደ «እንደ ጉድ»፣ «ለጉድ»፣ «አለቅጥ» መለሰ። ዝናብ ለጉድ ይዘንባል፤ ሰው እንደ ጉድ ይሮጣል፤ ዋጋ አለቅጥ ይንራል። እነዚህ ሕያዋን ቃላት ግን በሰዋስው ዝርዝር ውስጥ እምብዛም አይገቡም፤ ምክንያቱም ሲፈቱ «እንደ»፣ «ለ»፣ «አለ» የሚሉ መስተዋድዶች ይገኙባቸዋል። የሚነገረው በቅርጹ ተከለከለ፤ የማይነገረው በቅርጹ ተፈቀደለት።

ወደ ሮቤ እንሂድ። ሮቤና ጎባ በ15 ኪሎ ሜትር ገደማ የተራራቁ ከተሞች ናቸው። ጎባ ለረጅም ጊዜ የባሌ ክፍለ ሀገር ዋና ከተማ ነበረች፤ አማርኛም በከተማነቷ፣ በጦር ሰፈሯና በመሥሪያ ቤቶቿ በኩል ገባ። ዛሬ የዞኑ መቀመጫ ሮቤ ነው፤ መደ ወላቡ ዩኒቨርሲቲም በሁለቱም ከተሞች ቅጥር ግቢ አለው። ብዙዎቹ ልጆች በመጀመሪያዎቹ ክፍሎች የሚማሩት በአፋን ኦሮሞ ነው፤ አማርኛ እንደ አንድ የትምህርት ዓይነት ይሰጣል። ለእነዚህ ተማሪዎች የመማሪያ መጽሐፍ ዝርዝር ጌጥ አይደለም፤ አማርኛን የሚያዩበት መስኮት ነው። አፉን በአማርኛ የፈታ ልጅ ግምኛ የሚለውን አንብቦ ያልፋል፤ ሕይወቱ ያርመዋል። ቃሉን ከመጽሐፍ ያገኘ ልጅ ግን ፈተና ላይ ጽፎት ውጤት ሊያገኝበት፣ መንገድ ላይ ተናግሮት ሊሳቅበት ይችላል።

የሚያስቆጨው፣ ይህ ልጅ የአማርኛን የአኳኋን አነጋገር ከማንም በላይ ቶሎ ሊረዳ የሚችልበት መንገድ ከፊቱ መኖሩ ነው። ኦሮምኛም ሆነ አማርኛ «እንዴት» የሚለውን ጥያቄ ከሁሉ አስቀድመው የሚመልሱት በግስ ነው። አማርኛ «ፈጥኖ መጣ»፣ «ፈጥና መጣች» ሲል፣ ኦሮምኛ «ደፌ ዹፌ»፣ «ደፍቴ ዹፍቴ» ይላል። የፍጥነቱ ቃል በሁለቱም ቋንቋ ግስ ነው፤ በሁለቱም ከባለቤቱ ጋር ይስማማል፤ ሴት ከሆነች ቃሉም ሴት ይሆናል። «አጥብቆ» ለሚለው «ጀቤሴ» አለ። ከመጠን ያለፈውን ሲገልጹም ሁለቱ ተመሳሳይ መንገድ ይዘዋል። ኦሮምኛ «አካ መሌ» ይላል፤ አካ አኳኋን፣ መሌ ያለ፣ በሌለበት ማለት ነው። አማርኛ «አለቅጥ» ይላል፤ ቅጥ በሌለበት። ሁለቱ ቋንቋዎች የአንድ አፍሮእስያዊ ቤተሰብ ሁለት ቅርንጫፎች፣ ሴማዊና ኩሻዊ፣ ሆነው ሳለ በጉርብትና ዘመናት አንዱ የሌላውን መንገድ ለምዶታል። የሮቤ መምህር በአንድ ክፍለ ጊዜ «ፈጥኖ»ን በ«ደፌ»፣ «አለቅጥ»ን በ«አካ መሌ» አድርጎ ሊያስረዳ ይችላል። ግምኛን በምን ያስረዳዋል?

ታዲያ ዝርዝሩ ከየት መጣ? ከራሱ ከቋንቋው ይልቅ ከክፍሎቹ ቁጥር የመጣ ነው። መርስኤ ኀዘን ወልደ ቂርቆስ በ1935 ዓ.ም. በታተመው ሰዋስዋቸው አማርኛን በስምንት የንግግር ክፍሎች ሲያደራጁ፣ ተውሳከ ግስ ከስምንቱ አንዱ ነበር፤ በአውሮፓ ሰዋስውም የታወቀ አደረጃጀት ነው። በዚያ አሠራር በርካታ ቃላት፣ የጊዜውም የቦታውም፣ በዚህ ክፍል ይጠለሉ ነበር። ባዬ ክፍሎቹን ወደ አምስት አወረዱ፤ ጌታሁን አማረም በ1989 ዓ.ም. በዚሁ መንገድ ሄዱ። መለኪያው ጠበቀ፦ መስተዋድድ የያዘ ይውጣ፣ ስም የሆነ ይውጣ፣ ግስ የሆነ ይውጣ። ወንፊቱ ሲጠብቅ ከታች የቀረው እፍኝ ነበር፤ እፍኙን ለመሙላት ከቋንቋው ዳር የተለቀሙ ቃላት መሐል ላይ ተቀመጡ። የባዬን መለኪያ አልቃወምም፤ ጥሩ መለኪያ ነው፣ ከእሳቸው በፊት ከነበረው መደራረብም ያድናል። የምቃወመው መለኪያው ያሳየውን እውነት፣ ማለትም ይህ ክፍል በአማርኛ ጠባብ መሆኑን፣ እንደ ጉድለት ቆጥሮ በማይነገር ቃል ለማስፋት መሞከርን ነው። ከእሳቸው በኋላ የመጡ መማሪያዎች ክርክሩን ትተው ምሳሌዎቹን ብቻ ወሰዱ።

መዝገበ ቃላቶቻችን በዚህ ረገድ እምብዛም አልረዱንም። የእንግሊዝኛው የኦክስፎርድ መዝገበ ቃላት፣ ከ1884 እስከ 1928 እ.ኤ.አ. በክፍል በክፍል ሲታተም፣ ከአገልግሎት የወጣን ቃል በጩቤ መሰል ምልክት ይለይ ነበር፤ ቃሉ የተጻፈባቸውን ዓመታትም ከነምሳሌው ያስቀምጣል። የእኛዎቹ ታላላቅ ሥራዎች፣ የተሰማ ሀብተ ሚካኤል በ1951፣ የደስታ ተክለ ወልድ በ1962 ዓ.ም. የታተሙት፣ ቃልን ከሥሩና ከዘመዶቹ ጋር በማገናኘት ረገድ ተወዳዳሪ የላቸውም። ዓላማቸው ቃሉ እንዳይጠፋ ማከማቸት ነበር፤ መቼ እንደተነገረና መቼ እንደቀረ መመዝገብ አልነበረም። ስለዚህ የሞተ ቃልና ሕያው ቃል በአንድ ገጽ፣ በአንድ ዓይነት ፊደል፣ በእኩል ማዕረግ ይቀመጣሉ። ለአገሩ ልጅ ይህ አያስቸግርም። ለባሌው ተማሪ ያስቸግራል።

ጥያቄውን በክርክር ብቻ መጨረስም አያስፈልግም። በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የኢትዮጵያ ቋንቋዎች ጥናትና ምርምር ማዕከል፣ ከዋልታ ኢንፎርሜሽን ማዕከል 1,065 ዜናዎች ተወስደው 210,000 ገደማ ቃላት እያንዳንዳቸው በንግግር ክፍላቸው ተሰይመዋል፤ ሥራው የቀረበው በ2006 እ.ኤ.አ. ነው። በእንዲህ ያለ ክምችት ላይ ክፉኛ ስንት ጊዜ፣ ከየትኛው ግስ ጋር፣ ግምኛ ስንት ጊዜ የሚለውን መቁጠር የአንድ ከሰዓት ሥራ ነው። ዜና ብቻ አይበቃም፤ ግምኛ ቢኖር ኖሮ የሚኖረው በቤት ውስጥ ጠብ እንጂ በዜና ውስጥ አይደለም። ስለዚህ ከጎባ አረጋውያን ጋር የሚደረግ ቃለ መጠይቅ ያስፈልጋል፤ አያቶቻቸው ከተለያየ አገር ይዘው የመጡት አማርኛ፣ ከአዲስ አበባው ርቆ የቆየ በመሆኑ፣ ሌላው የረሳውን ይዞ ሊገኝ ይችላል። ከመካከላቸው አንዳቸው «ግምኛ ደበደበኝ» ቢሉ ይህ ጽሑፍ ግማሽ ክርክሩን ያጣል፤ ቃሉ ግን ከዝርዝር ወደ ሰው አፍ ይመለሳል።

እስከዚያው ድረስ ለመማሪያ መጽሐፍ አዘጋጆች የማቀርበው ሐሳብ አጭር ነው። ግምኛ በመዝገበ ቃላት ይቆይ፤ ከጎኑ «ቀድሞ» የምትል ምልክት ትደረግለት። በተማሪው ዝርዝር ውስጥ ግን ቦታውን ለ«አጥብቆ» ይልቀቅ፤ የግስ መልክ እንዳለው ከተነገረ በኋላ ከ«ጀቤሴ» ጋር ተጋጥሞ ይሰጥ። ጅልኛን አላወጣውም። «ጅልኛ ሳቀ» ብሎ የሚናገር ሰው ብዙ ባይኖርም፣ የሚሰማው ሁሉ ምን ዓይነት ሳቅ እንደሆነ ወዲያው ይገባዋል።