የሐዲስ ዓለማየሁ ቤትና የዲማ ጎጆ

የደራሲ ቤት ይጠበቅ ሲባል ሐሳቡ መልካም ነው። ነገር ግን የትኛው ቤት እንደ ሆነ አስቀድሞ መመርመር ይገባል። ክቡር ዶክተር ሐዲስ ዓለማየሁ በ1902 ዓ.ም. በጎጃም፣ በእንዶዳም ኪዳነ ምሕረት ተወለዱ፤ በደብረ ኤልያስ፣ በደብረ ወርቅና በዲማ ጊዮርጊስ ተማሩ። ከዚያ በኋላ አዲስ አበባ፣ የኢጣልያ ግዞት፣ የአምባሳደርነት አገርም ሁሉ በየተራው ማደሪያቸው ሆነ። በ1958 ዓ.ም. የታተመው «ፍቅር እስከ መቃብር» ግን ልባቸው ያደረው በቅኔ ጎጆ እንደ ነበረ ይመሰክራል።

ብዙዎች መጽሐፉን የፍቅር ታሪክ ብቻ አድርገው ያነቡታል። እኔ ግን የመጽሐፉ ምሰሶ ተማሪው ነው እላለሁ። በዛብህ ከፊታውራሪ መሸሻ አዳራሽ የገባው ርስትና ዘር ይዞ አይደለም፤ የያዘው ትምህርቱን ብቻ ነው። ጎጆና አዳራሽ የተፋጠጡት በዚያ ነው። ወላጆቹ ስለ እርሱ የተሳሉት ስእለት የተነቀፈበት መንገድ ለእኛ ለመነኮሳት ይመራል፤ ሐሰት ነው ግን አልልም።

እንግዲህ በእንዶዳም የተወለዱበት ስፍራ ጥበቃ ይገባዋል፤ የዲማው ጎጆ ግን ይበልጣል። የቅኔ ተማሪ ጎጆውን የሚሠራው ራሱ ነው፤ እንጨቱን ቆርጦ፣ ማገሩን አሥሮ፣ ሣሩን ከድኖ ይገባበታል፤ ሲሄድም ለሚመጣው ይለቅለታል። እኔም በደበሎ ዘመኔ ያደርሁበት ጎጆ ያፈስስ ነበር። ውኃው በግራ ሲወርድ ወደ ቀኝ እየሸሸን፣ የመወድሱ ስምንት ቤት ሳይሞላልን ይነጋ ነበር።

ቆርቆሮ ይሻላል የሚል አይጠፋም። ከማፍሰስስ ያድናል። ዳሩ ግን የጎጃም ክረምት በቆርቆሮ ላይ ሲወርድ የኔታ የሚናገሩት አይሰማም፤ ቅኔም በጆሮ የሚወረስ ትምህርት ነው።

ጭቃ አይቆይም የሚሉትም ባሕር ተሻግረው ይመልከቱ። በሪያድ ከተማ ሙረባዕ የሚባል ሠፈር አለ፤ ትርጓሜው አራት ማዕዘን ማለት ነው። ስሙን ያገኘው ንጉሥ አብዱልአዚዝ በ1930ዎቹ፣ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር፣ ከከተማው ቅጥር ውጭ ካሠሩት ቤተ መንግሥት ነው። ያ ቤተ መንግሥት የጭቃ ጡብ ሲሆን፣ በዚያው አቆጣጠር በ1999 በተከፈተው ታሪካዊ ማእከል ውስጥ ተጠብቆ ይታያል። የጭቃ ቤት የሚፈርሰው የሚለስነው ሲታጣ ነው።

ይሁን እንጂ ከሙረባዕ የምንወስደው እኩሌታውን ነው። የንጉሥ እልፍኝ ነዋሪው ቢሄድም ለጎብኚ ክፍት ሆኖ ሊኖር ይችላል። የቅኔ ጎጆ ግን ተማሪ ካልገባበት፣ ማታ ዘረፋ ካልተሰማበት፣ ቁልፍ አድርገው ቢጠብቁት የተጠበቀው እንጨቱ ብቻ ነው። ሐዲስን ያወጣ ተማሪ ቤት በሐዲስ ስም ሙዝየም ሆኖ ተማሪው በዝናብ ቢያድር፣ ደራሲው ራሳቸው በብርቱ ይነቅፉት ነበር ብዬ አምናለሁ።

ወደ ዲማ የምትወጡ ተሳላሚዎች ጧፍና ዕጣን ይዛችሁ ትሄዳላችሁ። ከዚያው ጋራ ለአንድ ጎጆ ክዳን የሚሆን የሣር ዋጋ ለየኔታ አስረክቡ። ሣሩ የሚታጨደው በኅዳር ነው፤ ጎጆው የሚከደነውም ክረምት ሳይገባ ነው።