የመቀሱ ድርሻ፤ ስለ ዱላል ዱታና ስለ ሳትያጂት ራይ ፊልሞች

በቤንጋሊ ቋንቋ የተሠሩትን የሳትያጂት ራይን ፊልሞች የሚመረምሩ ብዙ ሐያስያን ምስጋናውን ሁሉ ለዲሬክተሩ ብቻ ይሰጣሉ። ምክንያታቸውም፤ ራይ ትርኢቱን ገና ሳይቀርጸው በሥዕል ይነድፈው ስለ ነበር፤ ለአቀናባሪው የተረፈው መቀስ መያዝ ብቻ ነው የሚል ነው። ይህ አስተያየት ግን ግማሽ እውነት ነው።

አቀናባሪ ማለት የተቀረጸውን ፊልም መርጦ፤ ቆርጦና ቀጥሎ አንድ ወጥ ታሪክ የሚያደርገው ሰው ነው። በ2010 እ.ኤ.አ. ያረፈው ዱላል ዱታ ከ«ፓተር ፓንቻሊ» (1955) እስከ «አጋንቱክ» (1991) ድረስ የራይ አቀናባሪ ነበር። የመጀመሪያው ፊልም ቀረጻ በገንዘብ እጦት እየተቋረጠ ዓመታት ሲፈጅ፤ ቅንብሩ ግን በኒውዮርክ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም ለሚታይበት ቀን እንዲደርስ፤ ሁለቱ ሌት ተቀን ሠርተው በጥድፊያ ፈጸሙት።

ለአብነት ያህል ሁለት ቦታዎችን እንመልከት። በ«አፓራጂቶ» (1956) ውስጥ አባትየው በቤናሬስ ከተማ የጋንጅስን ውሃ ቀምሶ ራሱ ሲዘነበል፤ ፊልሙ ወዲያው ግር ብለው ወደሚበሩ ርግቦች ይሻገራል። ርግቦቹ ጥቂት ቢዘገዩ ሞቱ ተራ ሞት፤ ቢቀድሙም ምሳሌው ባዶ ጌጥ ይሆን ነበር። በ«ቻሩላታ» (1964) መጨረሻም የባልና የሚስት እጆች ሊገናኙ ሲሉ ሥዕሉ ባለበት ይደርቃል፤ ፊታቸውም፤ ፋኖስ የያዘው አሽከርም እንደዚሁ በየተራ ደርቀው ይታያሉ። የዕርቁን ጥርጣሬ የሚያሳድረው የሥዕሎቹ ቅደም ተከተልና የእያንዳንዳቸው ቆይታ ነው።

በርግጥ አቀናባሪ ያልተቀረጸውን ሊፈጥር አይችልም፤ ሐሳቡም የራይ ነው። ነገር ግን ንድፍ ምን እንደሚከተል ይናገራል እንጂ፤ የተዋናዩ ፊት ስንት ቅጽበት መታየት እንደሚገባው አስቀድሞ ሊያውቅ አይችልም። በአንድ ሴኮንድ 24 ሥዕሎች በሚያልፉበት ጥበብ፤ ይህ የሚታወቀው በቅንብር ጠረጴዛ ላይ ብቻ ነው። እንግዲህ ከሠላሳ ዓመት በላይ በዚያ ጠረጴዛ የተቀመጠን ሰው «መቀስ ያዥ» ብሎ ማለፍ፤ በሰውዬው ላይ ከሚደርሰው በደል ይልቅ የሐያሲውን የዓይን ድክመት ያጋልጣል።