ካርታ የዘለላት ደሴት

ኦድሪ ሎርድ የተባለችው ጥቁር አሜሪካዊት ባለቅኔ በ1934 እ.ኤ.አ. በኒው ዮርክ ተወልዳ በሐርለም ሠፈር ስታድግ፣ እናቷ ዘወትር ስሟን የምታነሣት አንዲት ደሴት ነበረች፤ ይህችም በካሪቢያን ባሕር ከግሬናዳ አጠገብ ያለችው ካሪያኩ ናት። ወላጆቿ በ1924 እ.ኤ.አ. ወደ አሜሪካ የተሻገሩ ስደተኞች ስለ ነበሩ፣ እናቲቱ አገሬ የምትለው ያቺን ደሴት እንጂ የሚኖሩበትን ከተማ አልነበረም። ልጅቱ ግን በትምህርት ቤት በሚሰጣት ካርታ ላይ የደሴቲቱን ስም ደጋግማ ብትፈልግ ስላጣችው፣ የእናቷን ጂኦግራፊ መጠራጠር ጀመረች፤ እናቴ የምትለው ምናልባት ሌሎች ሰዎች ኩራሳው የሚሏትን ይሆናል እስከ ማለትም ደረሰች። ከብዙ ዘመን በኋላ፣ የቤተ መጻሕፍት ሥራ ትምህርት ስትማር፣ አትላሶችን እርስ በርሳቸው እንድታመሳክር ታዝዛ መመዘኛዋን ይህችኑ ደሴት ብታደርግ፣ ከሁሉም መካከል በአንዱ ብቻ፣ በኢንሳይክሎፒዲያ ብሪታኒካ አትላስ፣ ተጽፋ አገኘቻት። ያን ጊዜ ዕድሜዋ ሃያ ስድስት ዓመት ነበረ።

ከዚያም ከሃያ ዓመት በላይ ቆይታ፣ በ1982 እ.ኤ.አ. «ዛሚ» የተባለውን መጽሐፏን ባሳተመች ጊዜ፣ የሕይወት ታሪክ እንዳትለው ከዚያ የሚያልፍ ነገር ገብቶበታልና፣ ልብ ወለድ እንዳትለውም የደረሰባት እውነት ነውና፣ ከግሪክ ልሳን ሕይወትን፣ ተረትንና ጽሕፈትን የሚያመለክቱ ሦስት ቃላት አጋጥማ «ባዮሚቶግራፊ» ብላ ሰየመችው። የመጽሐፉ ዋና ስም የተወሰደውም ከዚያችው ደሴት ነው፤ በካሪያኩ እንደ ወዳጅም እንደ ፍቅረኛም ሆነው አብረው የሚኖሩና የሚሠሩ ሴቶች ዛሚ ይባላሉ፤ ሎርድም ከእነርሱ ወገን መሆኗን ሳትሸሽግ የጻፈች ደራሲ ናት።

እኔ ይህን መጽሐፍ ያነበብሁት በአዛውንት አንደበት ብቻ ተጠብቆ የቆየውን የቤተ ሰብ ታሪክ ወደ ጽሑፍ የማግባትን ሥራ ከጀመርሁ በኋላ ስለ ሆነ፣ ያነበብሁት እንደ አንድ ተራ አንባቢ ሳይሆን፣ የሥራ ባልደረባው መሣሪያውን እንዴት እንደሚይዝ ለማየት እንደሚጓጓ ሠራተኛ ነበር። የተማርሁትም ነገር ዋናው ይህ ነው፦ ተረትን በሕይወት ታሪክ ውስጥ የሚያስገባ ጸሓፊ፣ ተረት ከማያስገባው ይልቅ በጥቃቅኑ ነገር ላይ የጠበቀ ሕግ አለበት። ይህን ስል ብዙ ሰው የሚያስበውን ተቃራኒ መናገሬ እንደ ሆነ አውቃለሁ፤ ብዙዎች ባዮሚቶግራፊ የሚባለውን ጽሕፈት ሲሰሙ፣ ለማይጠነቀቅ ጸሓፊ የተከፈተ ሰፊ በር አድርገው ይገምቱታልና።

ነገሩን በአንድ ምሳሌ ላስረዳ። ሎርድ ሕፃን ሳለች ከእናቷ ጋራ በመንገድ ስትሄድ ከኋላዋም ሆነ ከጎኗ አንድ ሻካራ የጉሮሮ ድምፅ በሰማች ቁጥር ትሸማቀቅ ነበር፤ ከድምፁ ቀጥሎ በካፖርቷ ወይም በጫማዋ ላይ አክታ ያርፍ ነበርና። እናቲቱም በቦርሳዋ ዘወትር ከምትይዘው ቁራጭ ጋዜጣ አንዱን አውጥታ ትጠርግላትና፣ የትም ቢሄዱ ወደ ነፋስ የሚተፉትን ያልታረሙ ሰዎች ታማርር ነበር። ሕፃኒቱ እናቷን የምትጠራጠርበት ምክንያት ስላልነበራት ነገሩ የነፋስ ነው ብላ አደገች። ብዙ ዓመት አልፎ፣ አንድ ቀን በጨዋታ መካከል፣ ሰዎች እንደ ድሮው ወደ ነፋስ መትፋታቸውን እኮ ተዉ ብላ ለእናቷ ብትነግራት፣ በእናቷ ፊት ላይ ያየችው ነገር፣ ዳግመኛ ሊነሣ የማይገባውን ምሥጢር እንደ ነካች አስታወቃት።

እንግዲህ በዚህች አጭር ታሪክ ውስጥ ሦስት ነገሮች አሉ። ካፖርቱ ላይ ያረፈው አክታ በልጅቱ የደረሰ ነው። ነፋሱ የእናቲቱ ተረት ነው። በዚያ ዘመን በኒው ዮርክ ጎዳና ነጭ ሰው በጥቁር ሕፃን ላይ ይተፋ የነበረ መሆኑ ደግሞ ታሪክ ነው። ታሪክ ጸሓፊ ብቻ የሆነ ሰው ይህን ቢጽፈው ነፋሱን ሰርዞ ጥላቻውን ያስቀር ነበር፤ ተረት ተራኪ ብቻ የሆነም ነፋሱን አስቀርቶ ጥላቻውን ይተወው ነበር። ሎርድ ግን አንዱንም አልጣለችም፤ ምክንያቱም እናቲቱ ልጇን ከትፋቱ ማዳን ባትችል ከትርጉሙ ልታድናት መድከሟ ራሱ፣ በማንኛውም መዝገብ ያልተጻፈ፣ ነገር ግን የእነዚያን ሰዎች ኑሮ ከማንኛውም መዝገብ ይልቅ የሚገልጥ እውነት ነበረ። ልብ በሉ፤ ይህን ሁሉ የሚሸከመው ያ ቁራጭ ጋዜጣ ነው። ጋዜጣው ባይኖር ኖሮ ነፋሱንም አናምንም ነበር።

ጥቃቅኑ ነገር ላይ ሕጉ የጠበቀ ነው ያልሁት ስለዚህ ነው። ሎርድ ከምዕራብ አፍሪካ ከዳሆሜ ትውፊት አፍረኬቴ የተባለችውን፣ በእርሷ አገላለጽ ብልሃተኛና ቋንቋ አዋቂ የሆነችውን እንስት አምላክ ወስዳ፣ በመጽሐፉ መጨረሻ በሐርለም ባፈቀረቻት ሴት አካል ስትገልጣት፣ የምትገለጠው በደመናና በነጎድጓድ ውስጥ አይደለም፤ በሌኖክስ ጎዳና ከምዕራብ ሕንድ ሰዎች ገበያ፣ ደግሞም በ116ኛው መንገድ ከባቡር ድልድዩ ሥር ተገዝቶ በመጣ ሙዝና አቮካዶ መካከል ነው። ከግሬናዳ የመጣው የእናቷ የእንጨት ሙቀጫም እንዲሁ፣ በውጭው ዙሪያ ፍሬ ፍሬ የተቀረጸበት መሆኑ ሳይቀር ተጽፏል። አንባቢ ገበያውንና ሙቀጫውን በዓይኑ ካየ በኋላ የማያየውን ለመቀበል ልቡን ይከፍታል፤ ገበያው ባዶ ስም ብቻ ከሆነበት ግን አማልክቱም ባዶ ስም ይሆኑበታል።

ሁለተኛው ሕግ በራስ ላይ የሚጸና ነው። የራሱን ሕይወት ከተረት ጋራ አስተባብሮ የሚጽፍ ሰው ራሱን ቅዱስ የማድረግ ፈተና ይገጥመዋል፤ ፈተናውም ቀላል አይደለም። ሎርድ ገና በወጣትነቷ በኮኔቲከት ግዛት በስታምፎርድ ከተማ በአንድ ፋብሪካ ተቀጥራ ለራዲዮና ለራዳር የሚሆን የኳርትዝ ድንጋይ በራጅ መሣሪያ ትመረምር ነበር፤ ድንጋዩ የሚታጠበው ካርቦን ቴትራክሎራይድ በተባለ፣ ጉበትና ኩላሊትን በሚያጠፋ ፈሳሽ ሲሆን፣ ይህን ለሠራተኞቹ የነገራቸው አልነበረም። አንድ ሌላ ጸሓፊ ቢሆን ግፉን ብቻ ጽፎ በዚያ ያበቃ ነበር። እርሷ ግን ከተወሰነው በላይ ለሠራ የሚከፈለውን ጉርሻ ለማግኘት ስትል ድንጋዮቹን በካልሲዋ ደብቃ ወደ መጸዳጃ ቤት እየወሰደች፣ በጥርሷ አድቅቃ ከውሃ ጋራ ትለቃቸው እንደ ነበር ሳትሸሽግ ጻፈች። አፍረኬቴን የምታሳየን እጅ ይህንንም የጻፈች እጅ ስለ ሆነች፣ ቃሏን እንቀበላለን።

ለእኛ ለኢትዮጵያውያን ጸሓፊዎች ይህ ጽሕፈት በሥራው ፍጹም እንግዳ አይደለም። ገላውዴዎስ የተባለው መነኩሴ በ1672 እ.ኤ.አ. ገድለ ወለተ ጴጥሮስን ሲጽፍ ቅድስት ወለተ ጴጥሮስ ካረፈች ሠላሳ ዓመት ሆኗት ነበር፤ የጻፈውም ከእርሷ ጋራ ከኖሩት ሰዎች አንደበት ሰብስቦ ነው። በዚያ መጽሐፍ ውስጥ ዐፄ ሱስንዮስ የካቶሊክን ሃይማኖት መቀበላቸው፣ ባሏ መልክአ ክርስቶስም የንጉሡ የጦር አለቃ መሆኑ፣ እርሷም ይህን ሁሉ ትታ መመንኮሷ ታሪክ ነው፤ ተአምራቱ ደግሞ ከታሪኩ ጎን ለጎን፣ በዚያው ብራና፣ በዚያው ቀለም ተጽፈዋል። ልዩነቱ ግን ትልቅ ነው። የገድል ጸሓፊ ስለ ሌላ ሰው ስለሚጽፍ፣ እርሱ ራሱ ዝቅ ብሎ፣ የማይገባው አገልጋይ ሆኖ ይቆማል፤ የሎርድን መንገድ የሚከተል ግን የኖረውም የሚመሰክረውም የሚጽፈውም እርሱ ብቻ ነውና፣ የሚቃወመውን ምስክር ራሱ ፈልጎ ማምጣት ይገባዋል። ይህን ሳያደርግ ስለ ራሱ ገድል የሚጽፍ ሰው ሥራው ከንቱ ውዳሴ ነው ብዬ ሳላመነታ እፈርዳለሁ።

ከራሴ ሥራ አንድ ነገር ልጨምር። የአያቴ አባት ከዐድዋ ዘማቾች አንዱ ነበሩ። አያቴ የአባቷን ዘመቻ ስታወራ፣ የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. የጊዮርጊስ ዕለት ነበርና፣ አባቷ ቅዱስ ጊዮርጊስን በነጭ ፈረስ ተቀምጦ በሠራዊቱ ፊት ሲያልፍ በዓይናቸው አይተው እንደ ነበር ትናገር ነበር። ይህን ያሉ ዘማቾች ብዙ መሆናቸውን፣ ሠዓሊዎቻችንም የዐድዋን ጦርነት ሲሥሉ ፈረሰኛውን ሰማዕት ከሠራዊቱ በላይ እንደሚያኖሩት ሁሉም ያውቃል። አያቴ ግን ፈረሱን አንሥታ ሳትጨርስ፣ ድምፅዋን እንኳ ሳትለውጥ፣ ከጦርነቱ በፊት ስንቅ አልቆ አባቷ የቀረቻቸውን ጥቂት በሶ ከጎረቤታቸው ዘማች ጋራ በእፍኝ እየተካፈሉ እንደ ሰነበቱ፣ ያ ዘማችም ከዐድዋ እንዳልተመለሰ ትቀጥል ነበር። ለእርሷ ፈረሱና በሶው በአንድ ዘመቻ የዋሉ፣ በአንድ ሰው የታዩ ነገሮች ነበሩ።

ይህን ሲያደምጥ የተማረ ሰው ወዲያው ሁለት እንዲያደርገው ይፈተናል፤ በሶውን ለታሪክ፣ ፈረሱን ለእምነት። የንጉሠ ነገሥቱ ሠራዊት በዚያ ሰሞን በስንቅ እጦት ተጨንቆ እንደ ነበር የታሪክ መጻሕፍት ስለሚመሰክሩ፣ በሶው በእርግጥ ማረጋገጫ አለው። እኔ ግን በዚህ ሥራ ስቆይ የያዝሁት ልማድ ሌላ ነው። ወረቀቴን በሦስት ዓምድ እከፍልና፣ በአንደኛው ተናጋሪው ራሱ ያየውን፣ በሁለተኛው ከሌላ የሰማውንና የሰማበትን ሰው፣ በሦስተኛው መዝገብና መጽሐፍ የሚለውን አሰፍራለሁ። ከዚያ በኋላ ለንባብ የሚሆነውን ስጽፍ ዓምዶቹ ይጠፋሉ፤ ነገር ግን እያንዳንዱ ዐረፍተ ነገር ከየትኛው ዓምድ እንደ መጣ አንባቢ እንዲያውቅ፣ ያየውን ሰው ከታየው ነገር አልለይም። «ቅዱስ ጊዮርጊስ አለፈ» አልልም፤ «አባቴ ሲያልፍ አየሁት ይሉ ነበር ብላ አያቴ ነገረችኝ» እላለሁ እንጂ። እንዲህ ሲሆን ፈረሱን አልካድሁትም፤ የማላውቀውንም አውቃለሁ አላልሁም። የበሶውንም እፍኝ እንዲሁ በባለቤቱ ስም አኖረዋለሁ።

አንዳንድ ወዳጆቼ፣ ከእነርሱም መካከል ታሪክን በከፍተኛ ትምህርት ቤት የሚያስተምሩ አሉ፣ ተረት አንድ ጊዜ ከገባ እውነት መውጫ ይፈልጋል ይሉኛል። ሥጋታቸው ከንቱ አይደለም፤ የዘር ሐረጋቸውን ያለ አንዳች ምስክር እስከ ነገሥታት የሚያደርሱ ሰዎች የጻፏቸውን መጻሕፍት አይቻለሁና። ነገር ግን መዝገብ የሚጻፈው መዝገብ ያዥ ባለበት ብቻ ነው። የሚዘምተው ጭሰኛ፣ የምትፈጨው ሴት፣ በባሕር ማዶ ከተማ በሰው ቤት የምታገለግለው ስደተኛ፣ እነዚህ ሁሉ በመዝገብ ውስጥ ቢገኙ የሚገኙት በቁጥር ወይም በቅጣት ነው። የእነርሱን ሕይወት ከመዝገብ ብቻ እጽፋለሁ የሚል ሰው፣ የካሪያኩን ስም ከካርታ ብቻ ፈልጎ ደሴቲቱ የለችም ብሎ እንደሚደመድም ተማሪ ነው፤ ደሴቲቱ ግን ሰው ሞልቶባት፣ ዓሣ እየተጠመደባትና መርከብ እየተሠራባት በስፍራዋ ነበረች።

ስለዚህ ይህን የምታነቡ ሁሉ፣ በቤታችሁ የሚነገረውን ከሚናገሩት ሰዎች ጋራ ሳያልፍ ጻፉ። ሲነገራችሁ አታርሙ፤ ከመጽሐፍ ጋራ የማይስማማውንም አትሰርዙ፤ መጽሐፉ የሚለውን ግን ከጎኑ አስፍሩ። ከግርጌው የተናጋሪውን ስም፣ ቀኑንና ቦታውን፣ እርሱም ከማን እንደ ሰማው አኑሩ። ከሁሉ በፊት ደግሞ ምን እንደ በሉ፣ ምን እንደ ለበሱ፣ በቦርሳቸውና በአገልግላቸው ምን እንደ ያዙ ጠይቁ፤ ብዙ ሰው የሚረሳው ይህን ጥያቄ ነው።