«እርጥበት መለኪያ» የሚለው ስያሜና የሚያስከትለው መደናገር

ለሃይግሮሜትር በአማርኛ በብዛት የሚሰጠው ስም «እርጥበት መለኪያ» ነው። ስያሜው በመጀመሪያ እይታ እንከን ያለው አይመስልም። ሁለቱም ቃላት አገርኛ ናቸው፤ አሠራሩም «ዝናብ መለኪያ»፣ «ሙቀት መለኪያ» የተባሉት ስያሜዎች የተሠሩበት ነው፤ ያልተማረ ሰው እንኳ ሰምቶ ለመገመት አይቸገርም። ስያሜው ሳይመረመር የኖረው ምናልባት በዚሁ ምክንያት ይሆናል። እኛ ግን ይህ ስም ብቻውን ሲቆም ለሃይግሮሜትር አይበቃም እንላለን። ጉድለቱ ከአማርኛነቱ አይደለም። «እርጥበት» የሚለው ቃል በሕዝቡ አንደበት ሰፊ ግዛት አለው፤ መሣሪያው ግን ከዚህ ግዛት የሚለካው አንዲት ጥግ ብቻ ነው።

ነገሩን በሐሳብ ደረጃ ከመተው አንድ አገር ይዞ መመርመር ይሻላል። የመረጥነው የደቡብ ጎንደርን ምሥራቃዊ ክፍል፣ ማለትም ጋይንትን፣ ስማዳንና እስቴን ነው። በእስቴና በላይ ጋይንት በኩል የጉና ተራራ ከ4,000 ሜትር በላይ ከፍ ይላል፤ በስማዳና በታች ጋይንት በኩል ደግሞ መሬቱ ወደ አባይና ወደ በሽሎ ሸለቆ ይወርዳል። ውርጩ፣ ደጋው፣ ወይና ደጋውና ቆላው ተቀራርበው የሚገኙበት አገር በመሆኑ፣ ስለ አየርና ስለ እርጥበት የተሰጠ ማንኛውም ስያሜ በዚህ ቢፈተን ድካሙና ጥንካሬው ቶሎ ይታያል። «ላይ» እና «ታች» የሚሉት የጋይንት መለያዎች ራሳቸው የከፍታ ስሞች ናቸው፤ ነፋስ መውጫም ስሟን ከምን እንዳገኘች ማስረዳት አያሻም።

በዚህ አገር ስለ አየሩ ጠባይ የሚናገር ሰው ቃል አያጣም። ማለዳ ሣሩ ላይ የተኛው ጤዛ ነው፤ ብርዱ ሲጠና የሚነጣው አመዳይ ነው፤ ከገደሉ የሚወጣው ጉም፣ ከሩቅ ያለውን ጋራ የሚጋርደው ጭጋግ፣ ዝናብ ሳይባል የሚያረሰርሰው ካፊያ፣ ወደ ቆላው ሲወርዱ የሚያልበው ሙቀት ወበቅ ነው። እርጥበት ግን ከእነዚህ ጋር በአንድ ረድፍ የሚቆም ቃል አይደለም። በተለመደው አነጋገር እርጥበት ማደሪያ ይፈልጋል፤ ማደሪያውም የሚዳሰስ ነገር ነው። መሬት እርጥበት ይይዛል፤ ልብስ እርጥበት ይኖረዋል፤ ግድግዳ በእርጥበት ይበላል። «እርጥብ እንጨት» ሲባል ውኃ የነካው ብቻ ሳይሆን ገና ከዛፉ ተቆርጦ ያልደረቀውም ነው። በጠራ ሰማይ ሥር፣ ዐይን የማያየውንና እጅ የማይዳስሰውን በአየር ውስጥ ያለ የውኃ ተን «እርጥበት» ብሎ መጥራት ከትምህርት ቤት የመጣ አዲስ ፍቺ ነው። አዲስ መሆኑ አያስነቅፈውም። የሚያስነቅፈው፣ አዲሱ ፍቺ የቀድሞውን ፈጽሞ እንደተካ አድርጎ መጻፍ ነው።

ሌላም አለ። በአየር ጠባይ ትንበያ ቋንቋ «እርጥበት» ለሰብል የሚደርሰው ውኃ ማለት እየሆነ ሄዷል። «የእርጥበት እጥረት»፣ «የተሻለ እርጥበት የሚያገኙ አካባቢዎች» ሲባል የታሰበው ዝናቡና በአፈሩ ውስጥ የሚያሳድረው ውኃ እንጂ በአየሩ ያለው ተን አይደለም። በ1973 ዓ.ም. ራሱን ችሎ የተቋቋመው፣ ዛሬ የኢትዮጵያ ሜትሮሎጂ ኢንስቲትዩት የሚባለው መሥሪያ ቤት ከሚያስተዳድራቸው ጣቢያዎች መካከል አራተኛ ደረጃ የሚባሉት የሚለኩት ዝናብን ብቻ ነው። እንግዲህ ትንበያውን በራዲዮ ሲሰማ የኖረ የስማዳ ገበሬ «እርጥበት መለኪያ» ቢባል፣ ዐይኑን የሚጥለው በጓሮ በተተከለው የዝናብ መለኪያ ላይ ቢሆን ምን ይደንቃል? ቃሉን ያስተማርነው እኛው ነን።

አሁን ወደ መሣሪያው እንምጣ። የአየርን እርጥበት በመሣሪያ ለማወቅ የተደረገው ሙከራ ረጅም ታሪክ አለው፤ በ15ኛው ምዕት ዓመት ኒኮላስ ኩሳኑስ የሱፍ ክምርን በሚዛን ከድንጋይ ጋር አመዛዝኖ፣ ሱፉ ከአየሩ እርጥበት ሲጠጣ መክበዱን በማየት የአየሩን ሁኔታ ማወቅ እንደሚቻል ጽፏል። የጄኔቫው ደ ሶሱር እ.ኤ.አ. በ1783 ስለ ጉዳዩ ባሳተመው መጽሐፍ በሰው ፀጉር የሚሠራውን ሃይግሮሜትር አስተዋወቀ። ፀጉር ከፍጹም ደረቅ አየር ወደ ፍጹም እርጥብ አየር ሲዛወር ከርዝመቱ በመቶ ሁለት ወይም ሁለት ተኩል ያህል ይረዝማል፤ ይህችን ለውጥ ጠቋሚ ያጎላታል። ነገሩ ለእኛ አገር እንግዳ አይደለም። የከበሮ ቆዳ በእርጥብ አየር ይላላል፤ ፀሐይ ወይም እሳት ሲያይ ይጠብቃል። ጭራውን በቆዳ ሳጥን ላይ የወጠረ ማሲንቆ መቺም፣ ክረምትና በጋ መሣሪያውን እንደገና እንዲቃኝ የሚያስገድደው ምን እንደሆነ ከደ ሶሱር መማር አያስፈልገውም ነበር።

ይሁን እንጂ ጠቋሚው የሚያነበው ቁጥር የውኃውን መጠን አይደለም፤ ብዙውን ጊዜ ስሕተት የሚፈጠረውም እዚህ ላይ ነው። ቁጥሩ በአየሩ ያለው ተን፣ አየሩ በዚያው ሙቀት ሊይዝ ከሚችለው ስንት እጅ እንደሆነ የሚናገር ንጽጽር ነው። በማለዳ ሙቀቱ 8 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ሆኖ ጤዛ በወደቀበት ሰዓት መሣሪያው 100 በመቶ ገደማ ያሳያል። ቀን ሙቀቱ 22 ዲግሪ ሲደርስ፣ ከአየሩ አንዲት ጠብታ ሳትጎድል፣ ያው መሣሪያ ወደ 41 በመቶ ይወርዳል። «አንጻራዊ እርጥበት» የተባለው ይህ ነው። ስያሜው ትክክል ነው፤ ነገር ግን ከምን አንጻር እንደሆነ አይናገርም። ከዚህ ይልቅ «የጤዛ ነጥብ» የሚለውን፣ አየሩ ተኑን ጤዛ አድርጎ መጣል የሚጀምርበትን ሙቀት የሚያመለክተውን ስያሜ እናደንቃለን፤ እረኛው በየማለዳው በባዶ እግሩ የሚረግጠውን ነገር ይዞ ሳይንሱን ያስረዳልና።

የስያሜው ድካም ዋጋ የሚያስከፍለው በእህል ላይ ነው። ጋይንትና ስማዳ፣ እስቴም ጭምር፣ ከ1997 ዓ.ም. ጀምሮ በምርታማ ሴፍቲኔት ፕሮግራም ሲረዱ ከቆዩት የምግብ እጥረት ያለባቸው ወረዳዎች መካከል ናቸው። በእንዲህ ያለ አገር ከጎተራ የሚበላሽ አንድ ኩንታል ቀላል ነገር አይደለም። ለጎተራ የተዘጋጀ በቆሎ የውኃ ይዘቱ ከክብደቱ 13 በመቶ ገደማ እንዳይበልጥ ይመከራል፤ ከዚያ በላይ ከሆነ ይሻግታል፣ አፍላቶክሲን የተባለውም መርዝ ሊፈጠርበት ይችላል። ይህን የሚለካ የኤሌክትሪክ መሣሪያ አለ፤ ለስንዴ የተስተካከለው ለባቄላ አይሆንም። ዋጋው ግን ለገበሬ የሚቀመስ ስላልሆነ፣ ከቅርብ ዓመታት ወዲህ በልዩ ልዩ አገሮች ሌላ ዘዴ ተለምዷል፤ ይኸውም ጥቂት እህል ከትንሽ ሃይግሮሜትር ጋር በተከደነ ብልቃጥ ውስጥ አስቀምጦ፣ በእህሉ መካከል ያለው አየር ሲረጋ ቁጥሩን ማንበብ ነው። መሣሪያው 65 ወይም ከዚያ በታች ካሳየ የበቆሎው የውኃ ይዘት ወደ 13 በመቶ ይጠጋል፤ ሊከተት ይችላል ማለት ነው።

ተርጓሚው እንግዲህ ይህን መመሪያ በአማርኛ ሊያቀርብ ተቀመጠ እንበል። መጀመሪያ «የእህሉ እርጥበት ከ13 በመቶ አይብለጥ» ብሎ ይጽፋል። ቀጥሎም «እርጥበት መለኪያው ከ65 በመቶ በላይ ካሳየ እህሉን እንደገና አስጡት» ይላል። ሁለቱም ዐረፍተ ነገሮች እውነት ናቸው፤ ሁለቱም አማርኛ ናቸው፤ ጎን ለጎን ሲቀመጡ ግን አንዱ ሌላውን ያፈርሳል። ሃይግሮሜትር የያዘ ሰው 60 አንብቦ «ከ13 እጅግ አልፏል» ሲል የደረቀ እህሉን በከንቱ ሲያሰጣ ይሰነብታል። የዚህስ ጉዳት ድካም ብቻ ነው። የከፋው የተገላቢጦሹ ነው፤ የእህል መለኪያውን የያዘው ሰው 18 አንብቦ፣ «ከ65 በታች ነው» ብሎ አየር በማያስገባ ከረጢት ቢያስረው፣ ከወራት በኋላ የሚፈታው የሻገተ እህል ነው። አፈሩን ለመለካት የተሠራው ሦስተኛው መሣሪያ በመካከል ቢገባማ ነገሩ የባሰ ይወሳሰባል። እህሉን በጥርሱ ነክሶ፣ ቀጭ ማለቱን ሰምቶ የሚወስነው ገበሬ፣ እንዲህ ያለ ጽሑፍ ካነበበው ይልቅ ከአደጋ የራቀ ነው።

ከጎተራው ወጣ ብለን የጋይንቷን ቤተ ልሔም ብናስብ ተመሳሳይ ነገር እናገኛለን። የድጓ ማስመስከሪያ በሆነችው በዚህች ቦታ፣ እንደ ሌሎቹ ጥንታዊ አድባራት ሁሉ፣ የብራና ሀብት ትልቅ ነገር ነው። ብራና እርጥብ አየር ሲያገኝ ያብጣል፣ ይሸበሸባል፤ ሲደርቅ ይኮማተራል። ስለ ጥበቃው የሚጻፍ መመሪያ የዕቃ ቤቱን አየር እንጂ የብራናውን የውኃ ይዘት አይለካም፤ «እርጥበት መለኪያ» የሚለው ስም ግን ይህንንም ለይቶ አይነግረንም።

በአየር ጠባይ ጣቢያዎች ለረጅም ጊዜ ሲሠራበት የኖረው ሌላው መሣሪያ፣ ሳይክሮሜትር፣ ለስያሜ ይበልጥ ያስቸግራል። እርሱ ሁለት ቴርሞሜትሮች ነው፤ የአንደኛው ጫፍ በረጠበ ጨርቅ ይጠቀለላል፤ ውኃው ሲተን ያቀዘቅዘዋል፤ እርጥበቱ የሚታወቀው ከሁለቱ ሙቀቶች ልዩነት ተሰልቶ ነው። ስሙም ከግሪክኛው «ቀዝቃዛ» ከሚለው ቃል የወጣ ነው። ይህን «እርጥበት መለኪያ» ብሎ ማለፍ ስሌቱን ይሸፍናል፤ ስሌቱ ደግሞ በደጋ አገር ወሳኝ ነው። ሦስት ሺህ ሜትር ያህል ከፍታ ላይ፣ ነፋስ በሚነፍስበት መሣሪያ፣ ደረቁ 18 እርጥቡ 12 ዲግሪ ቢያሳዩ፣ ለባሕር ጠለል የተዘጋጀ ሠንጠረዥ 48 በመቶ ገደማ ይሰጣል፤ የቦታውን ዝቅተኛ የአየር ግፊት ይዘን ብናሰላው ግን ወደ 54 በመቶ ይጠጋል። ስለዚህ ይህን መሣሪያ «ደረቅና እርጥብ ቴርሞሜትር» ብሎ በአካሉ መጥራት ይሻላል እንላለን። «ሳይክሮሜትር» የሚለውን ባዕድ ቃል እንዳለ መውሰድ ሌላ ጣጣ አለው፤ አንድ ፊደል ቢዘነጋ «ሳይኮሜትር» ይሆንና ከአየር ወደ አእምሮ ያሻግረናል።

ከግዕዝ ቢሰየምስ? «መስፈርተ ጠል» የመሰለ ስም ለጆሮ ያምራል። ነገር ግን ጠል ጤዛ እንጂ ተን አይደለም፤ «መስፈርት»ም ዛሬ የመመዘኛ ነጥብ ማለት ሆኗል። «መስፈሪያ» ብንል ደግሞ በጋይንት ገበያ እህል የሚሰፈርበት ቁና ይመጣብናል። «መለኪያ»ም ከዚህ ነቀፋ ነጻ አይደለም፤ አረቄ የሚቀዳባትም ብርጭቆ ይህንኑ ስም ይዛለች። ይሁንና በሌሎቹ መሣሪያዎች ስም ስለጸና ልንነቅለው አይገባም። «ሃይግሮሜትር» የሚለው ተውሶ በሙያ መጻሕፍት ይኑር፤ አጻጻፉ ግን አንድ ይሁን፤ «ሂግሮሜትር»፣ «ሀይግሮ ሜትር» እያሉ መጻፍ ለመዝገበ ቃላት አዘጋጅ ሦስት ቃላት ይፈጥርበታል።

የእኛ ሐሳብ እንግዲህ ቀላል ነው። ማደሪያው ከስሙ አይለይ፤ «የአየር እርጥበት መለኪያ»፣ «የእህል እርጥበት መለኪያ»፣ «የአፈር እርጥበት መለኪያ» ይባል። ቁጥርም ሲጻፍ እንደዚሁ፣ የማን እርጥበት እንደሆነ ሳይነገር በመቶኛ አይጻፍ። ስሙ ረዘመ የሚሉ ይኖራሉ፤ እውነትም ረዝሟል። «ዝናብ መለኪያ» አጭር ሊሆን የቻለው ዝናብ አንድ ስለሆነ ነው፤ እርጥበት ግን፣ ከላይ እንዳየነው፣ አንድ አይደለም።

የፊደሉ ነገር ሳይነሳ አይታለፍም። አንዳንዱ «ርጥበት»፣ አንዳንዱ «እርጥበት» ይጽፋል። ከረጠበ የወጣ በመሆኑ የመጀመሪያው ለሥርወ ቃሉ ታማኝ ነው፤ ሁለተኛው አማርኛ ቃልን በሳድስ «ር» መጀመር ስለሚከብደው የመጣ ነው፤ የሕዝቡም አነባበብ ይኸው ነው። በሀለሐመ ለተደረደረው ለከሣቴ ብርሃን ተሰማ መዝገበ ቃላት (1951 ዓ.ም.) «ረ» ከፊት፣ በአበገደ ለተደረደረው ለደስታ ተክለ ወልድ (1962 ዓ.ም.) ወደ መጨረሻው ነው፤ «አ»ም እንዲሁ ቦታው ይለዋወጣል። ስለዚህ ፈላጊው እንዳይንከራተት በሁለቱም ፊደል መመሪያ ይኑርና ዋናው ፍቺ «እርጥበት» ከሚለው ሥር ይሰጥ። የምናቀርበው ረቂቅ ፍቺ የሚከተለው ነው፤ መዝገበ ቃላት ነገሩ ያልሆነውን መናገር ባይለመድበትም፣ የመጨረሻው ዐረፍተ ነገር እንዲቀር አንፈቅድም።

የአየር እርጥበት መለኪያ፦ በአየር ውስጥ ያለው የውኃ ተን፣ አየሩ በዚያው ሙቀት ሊይዝ ከሚችለው ስንት እጅ እንደሆነ በመቶኛ የሚያሳይ መሣሪያ፤ ሃይግሮሜትር። የእህልንና የአፈርን የውኃ ይዘት አይለካም።