ክንፉን ሳያጋድል የሚታጠፍ አውሮፕላን

የጦርነት ዘመን የጃፓን ካርቱን ያየ ሰው ሁሉ የሚያደንቀው ፍንዳታውን ነው። መርከብ ሲጋይ፣ ጭስ ሲትጎለጎል ያይና «ወይ ጥበብ!» ይላል። ያናድደኛል። እሳትና ጭስ ማንም ይስላል። ፊልሞቹ የፕሮፓጋንዳ ሥራ መሆናቸውን የማያውቅ ስለሌለ እሱን አልፈዋለሁ።

እኔ የማየው ክንፉን ነው። አውሮፕላን እንደ መኪና በመሪ ብቻ አይታጠፍም፤ መጀመሪያ ወደሚዞርበት ጎን ያጋድላል፤ የሚያዞረውም ያ ያጋደለ ክንፍ ነው። ስለዚህ በመታጠፊያው ላይ ክንፉ ለዓይን ማጠር፣ ሆዱ ወይም ጀርባው ብቅ ማለት አለበት። ይህን ለማሳየት ሠዓሊው አውሮፕላኑን ደጋግሞ እንደ አዲስ መሳል ይገደዳል። ሰነፉ ግን አንዲቱን ስዕል ሰማዩ ላይ ይገፋታል፤ አፍንጫው ይዞራል፣ ክንፉ እንደተዘረጋ ይቀራል። እንዲህ ያለውን ካየሁ የቀረውን አልመረምርም።

«ሥዕል የሚሳልበት ግልጽ ፕላስቲክ፣ ሴሉሎይድ፣ ውድ ነበር፣ በወረቀት ቁርጥራጭ ነበር የሚሠሩት» የሚለኝ አይጠፋም። ሙራታ ያሱጂስ በምን ሠራ? በ1931 እ.ኤ.አ. የጃፓኑን ተረት ጀግና ሞሞታሮን በአውሮፕላን ያበረረው እሱ ነው፤ የወረቀት ሥራው ከመለስለሱ የተነሳ ብዙዎች በሴሉሎይድ የተሠራ ይመስላቸዋል። ድህነት ምክንያት አይሆንም።

የሴኦ ሚትሱዮን «የሞሞታሮ የባሕር ንስሮች» (1943 እ.ኤ.አ.) ስታዩ ደግሞ ፐርል ሃርበር እስኪጋይ አትጠብቁ። 37 ደቂቃ ነው፤ የጃፓን ባሕር ኃይል ድጋፍ ነበረበት። የፊልሙ ጥንቸሎች አውሮፕላኖቹ በሚነሱባት መርከብ ላይ በጆሯቸው ምልክት ሲሰጡ ሳቁ፤ አውሮፕላኖቹ ከተነሱ በኋላ ግን ፊልሙን እያቆማችሁ ምስሉን አንድ በአንድ አሳልፉ። የክንፉ ርዝመት በመታጠፊያው ላይ ካልተለወጠ ማድነቅ ክልክል ነው፤ የሴኦም ይሁን የማንም።

ስዕል ያስተማሩኝ አዛውንት፣ ነፍሳቸውን ይማርና፣ ከካርቶን የሠሯትን አውሮፕላን በሁለት ጣት ይዘው በመስኮቱ ብርሃን ላይ ቀስ እያሉ ያጋድሏት ነበር። «የግራው ክንፍ የት ገባ?» ይሉናል። መልሱን ያላየ እርሳስ አይነካም። አንዱ ተማሪ ክንፉን ሳያጋድል አዙሮ ሥሎ፣ በጭሱና በእሳቱ ክፍሉን ሁሉ አስጨበጨበ። እሳቸው ወረቀቱን ገለበጡና ጀርባው ላይ እንደገና እንዲጀምር አዘዙት፤ ያለ ጭስ።