የነፍሰ ገዳይ አእምሮ በእውነተኛ የወንጀል ታሪኮች፦ ቃል፣ ስያሜና ትረካ

እውነተኛ የወንጀል ታሪክ ከፍርድ ቤት መዝገብ፣ ከፖሊስ ምርመራና ከቃለ መጠይቅ ተነሥቶ በልቦለድ የአተራረክ ስልት የሚጻፍ ኢ-ልቦለዳዊ ዘውግ ነው። ከቅርንጫፎቹ መካከል ብዙ አንባቢ ያፈራው ስለ ሳይኮፓት ነፍሰ ገዳዮች የሚጻፈው ነው። ወንጀሉን ማን፣ መቼና እንዴት ፈጸመው የሚለውን አብዛኛውን ጊዜ ፍርድ ቤት መልሶታል። መጽሐፉ እጨምራለሁ የሚለው ገዳዩ ምን እያሰበና ምን እየተሰማው እንደገደለ ነው። ይህን ለማድረግ ሦስት መንገዶች አሉት፦ ገዳዩ ስለ ራሱ የሚሰጠው ቃል፣ የሥነ አእምሮ ባለሙያዎች ስያሜና የደራሲው ትረካ። ሦስቱም ጉድለት አለባቸው። የዘውጉ ዋና ችግር አንዱ የሌላውን ጉድለት እየሸፈነ ግምት እንደ እውቀት መቅረቡ ነው። (እዚህ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ ጎርጎርዮሳውያን አቆጣጠር ናቸው።)

የሳይኮፓቲ ጽንሰ ሐሳብ አሁን የሚታወቅበትን መልክ የያዘው አሜሪካዊው የአእምሮ ሐኪም ሄርቪ ክሌክሊ በ1941 ባሳተመው «ዘ ማስክ ኦፍ ሳኒቲ» (የጤነኛነት ጭምብል) በተባለው መጽሐፍ ነው። ክሌክሊ የገለጻቸው ሰዎች ሲያነጋግሯቸው ጨዋታ አዋቂና አስተዋይ ናቸው፤ ቅዠትም ጭንቀትም አይታይባቸውም። ነገር ግን ይዋሻሉ፣ አይጸጸቱም፣ ከጥፋታቸው አይማሩም፣ ማንንም ከልባቸው አይወዱም። ብዙ ጊዜ የሚዘነጋው አብዛኞቹ ነፍስ ያላጠፉ መሆናቸው ነው። በቂ ስንቅ የሌለው ቼክ የሚጽፉ፣ የገቡበትን ሥራ የሚያበላሹ፣ ትዳራቸውን የሚያፈርሱና ቤተሰባቸውን የሚያስመርሩ ነበሩ።

ካናዳዊው የሥነ ልቦና ባለሙያ ሮበርት ሄር ይህን ገለጻ ወደ መለኪያ ቀየረው። በ1991 ተሻሽሎ የወጣው መመዘኛው 20 ነጥቦች አሉት። ለእያንዳንዱ ከ0 እስከ 2 ውጤት ይሰጣል፤ ድምሩ ከ40 ሲሆን በሰሜን አሜሪካ 30ና ከዚያ በላይ ያገኘ ሰው ሳይኮፓት ይባላል። መመዘኛውን የሚሞላው የሠለጠነ ባለሙያ ነው፤ የሚሞላውም ሰውየውን አነጋግሮ፣ የተናገረውንም ከመዝገቡ ጋር አመሳክሮ ነው። የአሜሪካ የሥነ አእምሮ ሐኪሞች ማኅበር የምርመራ መመሪያ ግን ሳይኮፓቲን ራሱን የቻለ ሕመም አድርጎ አልመዘገበውም፤ በመመሪያው ውስጥ የሚቀርበው ጸረ ማኅበራዊ የስብዕና መዛባት የሚባለው ነው። የአሜሪካ ፌዴራል ምርመራ ቢሮ (ኤፍ.ቢ.አይ.) በ2005 በሳን አንቶኒዮ ከጠራው የባለሙያዎች ጉባኤ የወጣው ሪፖርትም ተከታታይ ገዳዮች ሁሉ ሳይኮፓት እንዳልሆኑ፣ ሳይኮፓቶችም ሁሉ ገዳይ እንዳልሆኑ በግልጽ አስቀምጧል። እንግዲህ አንድ ሰው ሳይኮፓት ነው ማለት ለምን ገደለ ለሚለው ጥያቄ በራሱ መልስ አይሆንም።

ለዘውጉ መልክ የሰጠው የትሩማን ካፖቲ «ኢን ኮልድ ብለድ» ይህን ክፍተት ከማንም ቀድሞ ያሳያል። ኅዳር 15 ቀን 1959 በካንሳስ ግዛት ሆልኮም በተባለች መንደር አራት የክላተር ቤተሰብ አባላት በገዛ ቤታቸው ተገደሉ። ገዳዮቹ ሪቻርድ ሂኮክና ፔሪ ስሚዝ በገንዘብ የተሞላ ካዝና አለ ተብለው ቢመጡም ይዘው የወጡት ከ50 ዶላር አይበልጥም ነበር። ሁለቱም ሚያዝያ 14 ቀን 1965 በስቅላት ተቀጡ። ታሪኩ በዚያው ዓመት በኒው ዮርከር መጽሔት በተከታታይ ወጣ፤ በ1966 መጽሐፍ ሆነ።

በመጽሐፉ ውስጥ አንድ የችሎት ትዕይንት አለ። የአእምሮ ሐኪሙ ሚቸል ጆንስ ለምስክርነት ይቆማል። በካንሳስ ይሠራበት የነበረው ሕግ የሚጠይቀው ተከሳሹ ድርጊቱን ሲፈጽም ክፉና ደጉን ለይቶ ያውቅ እንደሆነ ብቻ ነው። ሐኪሙ ስለ ሂኮክ «ያውቅ ነበር» የሚል መልስ ይሰጣል፤ ላብራራ ሲል ዐቃቤ ሕጉ ይቃወማል፤ ፍርድ ቤቱም ተቃውሞውን ይቀበላል። ስለ ስሚዝ ሲጠየቅ አስተያየት እንደሌለው ይናገራል፤ በዚያው ይወርዳል። ካፖቲ ግን ሐኪሙ ቢፈቀድለት ይናገር የነበረውን በመጽሐፉ ያሰፍራል። በዚያ ማብራሪያ መሠረት ሂኮክ ከባድ የባሕርይ መዛባት ይታይበታል፤ የስሚዝ ሁኔታ ደግሞ ከስኪዞፍሬንያ ጋር የሚቀራረብ የአእምሮ ሕመም ነው። ስለ ሳይኮፓት ገዳዮች በተነገረ ቁጥር ስሙ የሚነሣው መጽሐፍ፣ ደራሲው ይበልጥ የተቀራረበውን ገዳይ፣ ስሚዝን፣ ሳይኮፓት አይለውም።

የወንጀሉ ዝርዝርም ለስያሜ አይመችም። ስሚዝ አቶ ክላተርን አስሮ ወለሉ እንዳይቀዘቅዘው ከሥሩ የፍራሽ ካርቶን አነጠፈለት፤ ለልጁም ትራስ አደረገለት። ከዚያ ሁለቱም ተገደሉ። ርኅራኄ የለሽነት የሚለው ፍረጃ ካርቶኑን አያብራራም፤ ርኅራኄ አለው የሚለውም ግድያውን አያብራራም። ካፖቲ ይህን ቅራኔ ሳይፈታው ቢተወው ለእውነቱ ይቀርብ ነበር። እርሱ ግን ሜኒንገር ክሊኒክ ውስጥ ይሠራ የነበረውን ሐኪም ጆሴፍ ሳተንን አማከረ፤ ስሚዝ ሲገድል በአእምሮው የነበረው ክላተር ሳይሆን ካለፈ ሕይወቱ የመጣ ሌላ ሰው ነው የሚለውን ትንታኔም ለመጽሐፉ ማሰሪያ አደረገው። ትንታኔው ውብ ነው፤ የሚያረጋግጠው ግን የለም። ስሚዝ ራሱ ከአራቱ ማን ማንን ገደለ በሚለው ላይ ቃሉን ቀይሯል፦ መጀመሪያ ሁለቱን ሴቶች የገደለው ሂኮክ ነው አለ፤ በኋላ አራቱንም እኔ ነኝ አለ። መጽሐፉ የሚዘጋበት የመቃብር ስፍራ ትዕይንትም ካፖቲ የፈጠረው እንጂ የተፈጸመ አይደለም። ደራሲው እያንዳንዱ ቃል እውነት ነው ብሎ ስለነበር፣ በገዳዩ ልብ ውስጥ አለፈ የሚለው ሐሳብም በዚያው ልክ ጥርጣሬ ላይ ይወድቃል።

ከሦስቱ መንገዶች መጀመሪያ የተጠቀሰው፣ የገዳዩ የራሱ ቃል፣ በአሜሪካዊው ተከታታይ ገዳይ በቴድ ባንዲ ላይ በተጻፉት መጻሕፍት ተፈትኗል። ደራሲዋ አን ሩል በ1971 በሲያትል በአንድ የስልክ እርዳታ ማዕከል ከባንዲ ጋር ትሠራ ነበር። በአካባቢው ስለሚፈጸሙ ግድያዎች መጽሐፍ ለመጻፍ ከተዋዋለች በኋላ ተጠርጣሪው ወዳጇ መሆኑን አወቀች። በ1980 የወጣው መጽሐፏ ብርታቱ እዚህ ላይ ነው፦ የቅርብ ሰው እንኳ ምንም ሳያይ ሊቀር እንደሚችል ያሳያል። ስቲቨን ሚሾና ሂዩ ኤይንስወርዝ ደግሞ ባንዲን በሞት ፍርደኞች እስር ቤት አነጋገሩት። ወንጀሉን ክዶ ስለነበር ሚሾ ዘዴ ፈጠረ፤ ገዳዩ ምን ዓይነት ሰው ሊሆን ይችላል ብሎ እንዲገምት ጠየቀው። ባንዲም «እርሱ» እያለ፣ ስለ ሌላ ሰው እንደሚያወራ ሁሉ፣ ለሰዓታት ተናገረ። ጥር 1989 የሞት ቅጣቱ ሊፈጸም ቀናት ሲቀሩት 30 ግድያዎችን አመነ፤ በዋዜማው ለአንድ ወንጌላዊ ክርስቲያን የሥነ ልቦና ባለሙያ በሰጠው ቃለ መጠይቅ ደግሞ የብልግና ፊልሞችንና ጽሑፎችን ምክንያት አደረገ። ምክንያቱ እንደ አድማጩ ይለዋወጣል። ክሌክሊ ራሱ በ1979 ባንዲን መርምሮት ሳይኮፓት ብሎታል፤ የስያሜው ዋና ምልክት ደግሞ ውሸት ነው። እንዲህ ያለ ሰው ስለ ውስጡ የሚናገረውን እንደ ዋና ማስረጃ መያዝ ስያሜውን ራሱን ይቃረናል።

ይኸው ችግር በኤፍ.ቢ.አይ. መርማሪዎች ጥናትም አለ። መርማሪዎቹ ሮበርት ሬስለርና ጆን ዳግላስ ከተመራማሪዋ አን በርጀስ ጋር ሆነው 36 ወንጀለኞችን አጥንተዋል፤ ገዳዮችን የተደራጁና ያልተደራጁ ብሎ መክፈል የተስፋፋው ከዚህ ሥራ በኋላ ነው። የተጠኑት በሕግ የተያዙና ለመናገር ፈቃደኛ የሆኑ ብቻ ናቸው። በ2004 ዴቪድ ካንተርና ባልደረቦቹ ክፍፍሉን በአሜሪካ በተፈጸሙ 100 ግድያዎች ሲፈትኑት አልጸናም። በመጻሕፍትና በፊልም ግን እንደ ተረጋገጠ ሳይንስ ይነገራል።

ስያሜው ለደራሲው ምን ያህል ምቹ እንደሆነ በግልጽ ያሳየው «ፌታል ቪዥን» የተባለው መጽሐፍ ጉዳይ ነው። የሠራዊቱ ሐኪም ጄፍሪ ማክዶናልድ በየካቲት 1970 በፎርት ብራግ ነፍሰ ጡር ሚስቱንና ሁለት ሴት ልጆቹን ገድለሃል ተብሎ በ1979 ተፈረደበት፤ እርሱ ግን እስከ ዛሬ ንጹሕ ነኝ ይላል። ጋዜጠኛው ጆ መክጊኒስ ከመከላከያ ቡድኑ ጋር ኖሮ፣ ከፍርዱም በኋላ የወዳጅነት ደብዳቤ እየጻፈለት፣ በ1983 ጥፋተኛነቱን የሚያስረዳውን ይህን መጽሐፍ አወጣ። ለምን ገደለ የሚለውን ክፍተት የሞላው በክሌክሊ ነው፦ ተከሳሹ ሰላማዊና ተጫዋች መሆኑ ራሱ የጭምብሉ ማስረጃ ተደረገ። ማክዶናልድ ከሰሰው፤ በ1987 ዳኝነት የተቀመጡት ዜጎች መስማማት ስላቃታቸው ጉዳዩ በ325,000 ዶላር እርቅ ተዘጋ።

ጃኔት ማልኮም በ1990 ባሳተመችው «ዘ ጆርናሊስት ኤንድ ዘ መርደረር» ያቀረበችው ሂስ የክርክሩን ክበብ ያጋልጣል። ሰውየው ለምን ገደለ? ሳይኮፓት ስለሆነ። ሳይኮፓት መሆኑ በምን ታወቀ? እንዲህ ያለ ግድያ ስለፈጸመ። ጨዋነቱ ማታለያ፣ እንባው ትወና፣ ዝምታው ቅዝቃዜ ሲባል የትኛውም ባሕርይ ለክሱ ይውላል፤ የሚያስተባብል ማስረጃ ሊኖር አይችልም። ይህ ማለት ግን የተፈረደበት ሁሉ ንጹሕ ነው ማለት አይደለም። ጥፋተኛነትን ያረጋገጠው ደም፣ ጨርቅና ምስክር ከሆነ፣ ስያሜው ለዚያ ማስረጃ የሚጨምረው ነገር የለም ማለት ነው።

ከዚህ ወጥመድ ለመውጣት የሞከሩ ሥራዎች አሉ። ፈረንሳዊው ኢማኑኤል ካሬር በ2000 «ላድቬርሴር» በተባለው መጽሐፉ የዣን ክሎድ ሮማንን ታሪክ ጽፏል። ሮማን ለ18 ዓመታት ያህል በውሸት፣ ኋላም የዓለም ጤና ድርጅት ሐኪም ነኝ እያለ ኖሮ፣ ውሸቱ ሊገለጥ ሲል በጥር 1993 ሚስቱን፣ ሁለት ልጆቹንና ወላጆቹን ገደለ። ካፖቲ ከገዳዮቹ ጋር ዓመታት አሳልፎ ራሱን ከታሪኩ ሲያወጣ፣ ካሬር ራሱን «እኔ» ብሎ አስገባ። ከገዳዩ ጋር የተጻጻፈውን፣ የቱ ላይ እንደተጠራጠረና የቱን መሙላት እንዳልቻለ ያሳያል። ሃሊ ሩበንሆልድ ደግሞ በ2019 «ዘ ፋይቭ» ላይ ሌላ መንገድ መርጣለች። በ1888 በለንደን ስለተገደሉት አምስት ሴቶች ስትጽፍ ማንነቱ ያልታወቀውን ገዳይ አእምሮ ትታ፣ የሴቶቹን ልደት፣ ትዳር፣ ሥራና ድህነት ከመዝገብ አውጥታ ተረከች። ለገዳዩ ሲባል ተረስቶ የኖረው የተገዳዮቹ ሕይወት ከግምት ይልቅ በሰነድ ሊጻፍ እንደሚችል አስመስክራለች።

ስለዚህ የዚህ ዓይነት መጽሐፍ ሲመዘን ሦስት ነገሮች ይታያሉ። አንደኛው፣ ለገዳዩ የተሰጠው ሐሳብ ሁሉ ከየት እንደመጣ፣ ከቃሉ፣ ከመዝገብ ወይስ ከደራሲው፣ በገጹ ላይ መለየቱ ነው። ሁለተኛው፣ ሳይኮፓት የሚለው ስያሜ ሰውየውን ባነጋገረ ባለሙያ የተሰጠ የምርመራ ውጤት መሆኑ ወይም የደራሲው ግምት መሆኑ ነው። ሦስተኛው፣ ለመላ ምቱ የማይመቹ ዝርዝሮች ሳይጣሉ መቀመጣቸው ነው። ሦስቱን የሚያሟላ ሥራ ስለ ገዳዩ አእምሮ የሚናገረው ጥቂት ሊሆን ይችላል፤ የሚናገረው ግን ሊታመን ይችላል።