አቤቱታው ያማረለት ባላገር

የጥንት ግብፅ ስም በተነሣ ጊዜ የብዙ ሰው ልብ ወደ ፒራሚዱና በወርቅ ወደ ተለበጠው የነገሥታት የሬሳ ሣጥን ይሄዳል። ድንጋዩ ዓይን ስለሚሞላ፥ ወርቁም ዓይን ስለሚስብ ይህ የሚያስደንቅ አይደለም። ነገር ግን ከድንጋይና ከወርቅ እጅግ ደካማ በሆነ ነገር፥ በደንገል በተሠራ ወረቀት ላይ ተጽፎ እስከ ዘመናችን የደረሰ አንድ ድርሰት አለ። የአውሮፓ ሊቃውንት «አንደበተ ርቱዕ ገበሬ» ብለው ይጠሩታል። የቃሉን ማማር የማያመሰግን የለም። እኔ ግን ይህን የምጽፈው ምስጋናውን ለመጨመር ሳይሆን፥ ውበቱ ራሱ አንባቢውን እንደሚከስ ለማመልከት ነው።

አስቀድሞ ስለ መጽሐፉ አካል ጥቂት እንናገር። ድርሰቱ 12ኛው ሥርወ መንግሥት ግብፅን በገዛበት ዘመን የተደረሰ ነው፤ የደረሱን ቅጂዎች የተጻፉት ከጌታ ልደት በፊት በ1800 ዓመት ገደማ ነው። ቅጂዎቹ አራት ሲሆኑ ሦስቱ በበርሊን፥ አንዱ በለንደን በብሪቲሽ ሙዚየም ይገኛሉ። ሙሉ የሆነ አንድም የለም፤ የአንዱ ጕድለት በሌላው እየተሞላ ይነበባል። ከነዚህ አንዱ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ከ1895 እስከ 1896 በነበረው የቍፋሮ ወራት፥ ጄምስ ኪቤል የሚባል እንግሊዛዊ በቴብስ ከተማ ራምሴዩም በሚባለው ቤተ መቅደስ ግቢ ካገኘው የመቃብር ጕድጓድ የወጣ ነው። በጕድጓዱ ውስጥ በክዳኑ ላይ የቀበሮ ሥዕል ያለበት የእንጨት ሣጥን ነበረ፤ በሣጥኑም ጥቅል ጽሑፎችና የሸንበቆ ብዕሮች ተገኙ። ከጥቅሎቹ በአንዱ ላይ በፊቱ ገጽ የባላገሩ ነገር፥ በጀርባው ሲኑሄ የሚባለው የስደተኛ ታሪክ ተጽፎበታል። ጽሕፈቱም በሐውልት ላይ እንደምናየው ያለ የሥዕል ፊደል ሳይሆን፥ ጸሐፍት ለፍጥነት የሚጠቀሙበት ሂራቲክ የሚባለው የእጅ ጽሕፈት ነው።

ስለ ስሙ ግን ከአውሮፓ ተርጓሚዎች ጋራ አልስማማም። «ገበሬ» ብለው የተረጐሙት ቃል በግብፅኛው ሴኽቲ ነው፤ ሴኽት ማለት መስክ ወይም ረግረግ ስለ ሆነ ሴኽቲ የመስክ ሰው ማለት ይሆናል። ይህ ሰው በድርሰቱ ውስጥ ሲያርስ አናየውም፤ የአገሩን ጨውና ናትሮን፥ የነብርና የተኵላ ቆዳ፥ ቅጠላ ቅጠልና ወፍ በአህያ ጭኖ ወደ ከተማ ሲወርድ ነው የምናየው። ስለዚህ በቋንቋችን ትክክለኛው ቃል «ባላገር» ነው። ባላገር በተባለ ጊዜ መሬቱ ብቻ ሳይሆን፥ በከተማ ሰውና በሹም ፊት የሚሰማው መናቅም አብሮ ይሰማልና።

አገሩ የጨው መስክ ትባላለች፤ እርስዋም ዛሬ ዋዲ ናትሩን የምትባለው ስፍራ ናት። ይህች ስፍራ ለእኛ እንግዳ አይደለችም። ድርሰቱ ከተጻፈ ከ2000 ዓመት በኋላ አባ መቃርስ የመነኑባት፥ ሙሴ ጸሊም የተጋደለባት ገዳመ አስቄጥስ ይህች ናት። አበው በዚያ ምድረ በዳ ዝምታን ከመማራቸው በፊት፥ ከዚያው ምድር የወጣ አንድ ሰው ዝም አልልም ብሎ ነበር።

ነገሩ እንዲህ ነው። ኹንአኑፕ የሚባል ባላገር በጎተራው የቀረውን ገብስ ሚስቱን ያስፈራታል፤ ሃያውን መስፈሪያ ለእርስዋና ለልጆቹ ቀለብ ይተዋል፥ ከስድስቱ መስፈሪያ ለመንገዱ ዳቦና ጠላ ታዘጋጅለታለች። ከዚህ በኋላ አህዮቹን ጭኖ ሲሄድ ነምቲናኽት የሚባል ሰው አይቶ ይጐመጃል። መንገዱ እጅግ ጠባብ ነው፤ በአንድ ወገን ውሃ፥ በሌላው ወገን የነምቲናኽት ገብስ አለ። ነምቲናኽት ሎሌውን ልኮ ከቤቱ ጨርቅ ያስመጣና በመንገዱ ላይ ያስነጥፋል፤ የጨርቁ ዘርፍ ውሃውን፥ ጫፉ ገብሱን ይነካል። ባላገሩ ጨርቁን ላለመርገጥ በእርሻው ዳር ሲያልፍ አንዱ አህያ አንድ ጕርሻ ገብስ ይበላል። ስለዚያች ጕርሻ አህዮቹ ሁሉ ይወሰዳሉ፤ ባለቤታቸውም በእርጥብ አርጩሜ ይገረፋል። ባለቀሰ ጊዜም ድምፅህን ዝቅ አድርግ ይባላል። ከአህዮቹ ይልቅ ባላገሩን ያንገበገበው ይህ ነው፤ ከገረፉትና ከቀሙት በኋላ ጩኸቱንም ሊቀሙት መፈለጋቸው።

አሥር ቀን ነምቲናኽትን ለምኖ ባይሆንለት፥ ወደ ሄራክሌዎፖሊስ ሄዶ የንጉሡ ታላቅ አዛዥ ለሆነው ለሜሩ ልጅ ለሬንሲ አቤት አለ። የሬንሲ ባልደረቦች ነገሩን አቃለሉት፤ ስለ ጥቂት ጨው ሹም ሊቀጣ አይገባም መሰላቸው። ሬንሲ ግን ዝም አለ። ባላገሩ በፊቱ ቆሞ የመጀመሪያውን አቤቱታ በተናገረ ጊዜ ቃሉ እጅግ ስላማረ፥ ሬንሲ ሄዶ ለንጉሡ ለነብካውሬ ነገረው። ንጉሡም ለባላገሩ መልስ እንዳይሰጠው፥ የሚናገረው ሁሉ ግን ተጽፎ እንዲመጣለት አዘዘ። ደግሞም ሰጪው ሳይታወቅ ቀለብ እንዲሰፈርለት አዘዘ። ለእርሱ በየቀኑ አሥር ዳቦና ሁለት ማሰሮ ጠላ በወዳጅ እጅ ይደርሰው ነበር፤ ለሚስቱም በአገርዋ በየቀኑ ሦስት መስፈሪያ እህል ይሰጣት ጀመር። ባላገሩም ይህ ሁሉ እንደ ተደረገ ሳያውቅ ዘጠኝ ጊዜ ተመላልሶ ዘጠኝ አቤቱታ አቀረበ፤ ሦስተኛውን እንደ ፈጸመ ሁለት ጠባቂዎች በአለንጋ ገረፉት።

አንዳንድ የቀድሞ ሊቃውንት የታሪኩን መግቢያ አመስግነው ዘጠኙን አቤቱታዎች ነቅፈዋል፤ ረዝመዋል፥ አንድ ነገር ይደጋግማሉ ይላሉ። ይህን ነቀፋ ሁለት ምክንያት አቅርቤ እቃወማለሁ። መጀመሪያ፥ አቤቱታዎቹ አንድ አይደሉም። በመጀመሪያው ባላገሩ ሬንሲን የድሀ አደግ አባት፥ የመበለት ባል እያለ ያመሰግነዋል፤ ይህ ገና ተስፋ ያለው ሰው ንግግር ነው። እየቈየ ግን ምስጋናው ወደ ተግሣጽ፥ ተግሣጹም ወደ ክስ ይለወጣል፤ ዳኛው ራሱ የሌባ ተባባሪ ሆኖ ይገኛል። በዘጠነኛው ተስፋውን ቈርጦ ስለ አንተ ወደ አኑቢስ እከስሃለሁ ብሎ ይሄዳል። አኑቢስ በግብፃውያን ዘንድ የሙታን ጠባቂ ነውና፥ ከዚህ ዓለም ዳኛ ይግባኝ ማለቱ ነው። ሁለተኛ፥ ርዝመቱ ራሱ ምሥጢር አለው። አንባቢ ይደክማል፤ እውነት ነው። ነገር ግን ደራሲው ባላገሩ በመመላለስ የደከመውን ድካም ለአንባቢው እያካፈለው ነው። አንድ አቤቱታ ብቻ ቢሆን ኖሮ አድንቀን እናልፍ ነበር። ስድስተኛውና ሰባተኛው ላይ ስንደርስ ግን ማድነቃችንን ትተን፥ ይህ ሰው ለምን አይፈረድለትም ማለት እንጀምራለን።

የቅኔ ተማሪም በዚህ ድርሰት ውስጥ የሚያውቀውን ነገር ያገኛል። ነምቲናኽት ማለት ነምቲ ብርቱ ነው ማለት ነው። ነምቲ በታንኳ የሚያሻግር የግብፃውያን ጣዖት ሲሆን፥ የወርቅ ቀለበት ተቀብሎ የተከለከለውን በማሻገሩ እንደ ተቀጣ ከዚህ በኋላ በተጻፈ ሌላ ተረት ይነገራል። ባላገሩም ሬንሲን ዋጋ የከፈለውን ብቻ የሚያሻግር ታንኳ ነጂ አድርጎ ይነቅፈዋል። እንግዲህ በእኔ አስተያየት የቀማኛው ስም ሰም ሆኖ ዳኛው ወርቁ ሆኗል፤ ቀምቶ የበላውና አይቶ ዝም ያለው በአንድ ቃል ታሰሩ። የባላገሩም ስም እንዲሁ ነው። ኹንአኑፕ ማለት አኑቢስ የጠበቀው ማለት ነው፤ በመጨረሻም ወደ አኑቢስ እሄዳለሁ ሲል ከመጀመሪያ በስሙ የተጻፈለትን ይፈታል።

ከሁሉ የበለጠው ግን የሚዛኑ ምሳሌ ነው። ባላገሩ ዳኛውን ራሱን ሚዛን ያደርገዋል፤ ምላሱና ልቡ፥ ከንፈሮቹም የሚዛን ዕቃዎች ይሆናሉ። ይህ ለእኛ ያማረ ምሳሌ ብቻ ነው፤ ለግብፃዊ ሰሚ ግን የሚያስፈራ ቃል ነበረ። በእነርሱ እምነት የሞተ ሰው ልብ ማዓት ከምትባለው ከእውነትና ከፍርድ ምልክት፥ ከላባዋ ጋራ በሚዛን ይመዘናልና። ዛሬ ሚዛን የሆነው ነገ ተመዛኝ ነው፤ ይህ ነው ወርቁ።

አሁን ወደ ዋናው ነገሬ እመጣለሁ። ንጉሡ ክፉ ሰው አይደለም፤ ባላገሩ እንዳይራብ፥ ሚስቱና ልጆቹም እንዳይቸገሩ አስቧል። ይህን አይተው ንጉሡን ርኅሩኅ የሚሉት ይኖራሉ። ነገር ግን ባላገሩ ቀለብ አልለመነም፤ ፍርድ ነው የለመነው። ደራሲው ዳቦውን እስከ ቍጥሩ ድረስ የጻፈው ያለ ምክንያት አይመስለኝም። ምጽዋቱ ተቈጥሮ፥ ተሰፍሮ፥ ሳይጓደል በየቀኑ ይደርሳል፤ ፍርዱ ግን አይደርስም። ከምጽዋቱም ጋራ አለንጋ ነበረ። የንጉሡ በደል ጭካኔ ሳይሆን የቃል ፍቅር ነው፤ መልካም ንግግርን እንደ መሰንቆ ድምፅ ወደደው፥ መሰንቆውም እንዳይቋረጥ ጅማቱ ተወጥሮ እንዲቈይ አደረገ።

ወጣት ሳለሁ ቅኔ እማርበት በነበረው ከተማ አንድ ባላገር ስለ ድንበሩ አቤት ለማለት ወደ አንድ መሥሪያ ቤት ይመላለስ ነበር። አንደበቱ የተባረከ ነበርና ሲናገር ጸሐፊዎቹ ብዕራቸውን አስቀምጠው ይሰሙት ነበር። እኛም ተማሪዎች ከደጅ ቆመን ሰምተን፥ ማታ ቃሉን እያነሣን «ይበል! ይበል!» እንባባል ነበር። አንድ ወቅት ላይ መምጣቱ ቀረ። ድንበሩ ተመለሰለት ወይስ ተስፋ ቈርጦ ቀረ ብሎ የጠየቀ ከመካከላችን አልነበረም፤ እኔም አልጠየቅሁም። ከተናገረው ዛሬም በቃሌ የማውቀው አለ፤ ስሙን ግን አላውቀውም። የግብፁን ድርሰት ባነበብሁ ጊዜ ራሴን ከነብካውሬ ዙፋን አጠገብ ቆሜ ያገኘሁት ስለዚህ ነው።

የድርሰቱ ፍጻሜ እንዲህ ነው። ባላገሩ ሊሄድ ሲነሣ ሁለት ጠባቂዎች ይመልሱታል፤ እርሱም ሊቀጡት መስሎት ይፈራል። ሬንሲ ግን አቤቱታዎቹን ሁሉ ከአዲስ ጥቅል ያስነብብና ወደ ንጉሡ ይልካቸዋል። ንጉሡ እጅግ ደስ ይለዋል፤ ፍርዱን ግን አንተው ፍረድ ብሎ ለሬንሲ ይመልሰዋል። የመጨረሻው ገጽ ተጐድቷል፤ ሆኖም የነምቲናኽት ንብረት ተቈጥሮ ለባላገሩ እንደ ተሰጠ ይነበባል። ፍርዱ መልካም ነው። ነገር ግን በደረሰን ጽሑፍ ውስጥ ስለ አለንጋው፥ ስለ ዘጠኙም ምልልስ ይቅርታ የጠየቀ አናገኝም። ደራሲው ይህን ረስቶት ነው አልልም። ታሪኩን በራሱ ንጉሥ ዘመን አላደረገውም፤ የቴብስ ነገሥታት ድል ካደረጉት ከሄራክሌዎፖሊስ ቤት በአንዱ ንጉሥ ላይ አደረገው እንጂ። ባለፈው ንጉሥ ሰም ያለውን ንጉሥ መውቀስ በቤተ መንግሥት አጠገብ ለሚጽፍ ሰው የጥበብ መንገድ ነው ብዬ እገምታለሁ።

ማዓት የምትለዋ ቃል ከግብፅ ምድር አልጠፋችም። በቅብጦች ቋንቋ ሜኢ ሆና እውነት ማለት ናት፤ ቋንቋውም በቤተ ክርስቲያናቸው ጸሎት እስከ ዛሬ ይሰማል። ሻምፖልዮን በ1822 የጥንቱን ፊደል ሊፈታ የቻለው ይህን የጸሎት ቋንቋ አጥንቶ ስለ ነበረ ነው። ካህናት ያቈዩት ቃል ባይኖር ኖሮ ባላገሩ ምን እንዳለ ለማወቅ እጅግ ይቸግረን ነበር። ቃልን ማቈየት ታላቅ ሥራ ነው፤ የንጉሡም ጸሐፊ ይህን ሠርቷል። ነገር ግን አቤቱታ የሚጻፈው ሊቈይ አይደለም፤ ሊፈረድበት ነው።

ስለዚህ ይህን ድርሰት የሚያነብ ሁሉ፥ በተለይም አቤት ባይ በደጁ የሚቆም ሰው፥ ስለ ቃሉ ማማር «ይበል» ከማለቱ በፊት አህዮቹ ተመለሱ ወይ ብሎ ይጠይቅ።